«እማማ፣ እዚህ ማን ነበር?»

ባለፈው ሐምሌ የልጅ ልጄ ከአሜሪካ መጣ። ሃያ ዓመቱ ነው። ሁለት ትልልቅ ሻንጣ ሲጎትት ያየን ሁሉ እናቱ የላከችው ዕቃ መስሎን ነበር። አንደኛው ሻንጣ ሲከፈት ግን የወጣው ካሜራ፣ የካሜራ ማቆሚያ፣ የድምፅ መቅረጫና ጥቅልል ሽቦ ነው። ቡና ላይ የነበሩት ጎረቤቶቼ ተያዩ። «እኔ እኮ ሕክምና የሚማር መስሎኝ!» አለች አንዷ። እውነቱን ልናገርና እኔም ደስ አላለኝም። ሠላሳ አራት ዓመት በነርስነት የሠራች አያት የልጅ ልጇን ነጭ ጋዋን ለብሶ ብታየው ነው የምትመኘው።

ልጁ የሚማረው ዘጋቢ ፊልም መሥራት ነው። ለዓመቱ ማጠናቀቂያ የመረጠው ርዕስ ደግሞ መንገድ! «የምን መንገድ?» ብለው «የአሜሪካ መንገድ» አለኝ። መንገድ ምኑ ይቀረጻል? መኪና ይሄድበታል፣ አለቀ። ይህን በልቤ አልኩ እንጂ አፍ አውጥቼ አልተናገርኩም።

አንድ ምሽት ዝናቡ ሲወርድ መብራት ጠፋ። የሱ ኮምፒዩተር ባትሪ ነበረውና «እማማ፣ ነይ ላሳይሽ» ብሎ አጠገቤ ተቀመጠ። («አንቱ» ማለትን አልለመደም። እኔም አላርመውም፤ አማርኛ ማውራቱ ይበቃኛል።) እኛ ፈረንሳይ ለጋሲዮን፣ ከእንጦጦ ግርጌ፣ በሻማ ብርሃን ቁጭ ብለን የአሜሪካን አውራ ጎዳና ማየት ጀመርን።

ከሁለት ጓደኞቹ ጋር ከዋሽንግተን አካባቢ ተነስቶ ሚኒሶታ እስካለችው ሴይንት ፖል ከተማ ድረስ ነድቷል። ከአንድ ሺህ ሰባት መቶ ኪሎ ሜትር በላይ ነው። የጭነት መኪኖች የሚያድሩበት ቦታ ላይ ያገኘው ሾፌር የኛው ሰው ነበር። ከቤቱ ዳቦና በርበሬ ቋጥሮ፣ ቡናውን በፔርሙስ ይዞ፣ መሪው አጠገብ የማርያምን ሥዕል ሰቅሏል። በሳምንት ስንት ቀን ቤቱ እንደሚያድር ሲጠየቅ ጣቶቹን ቆጥሮ ሳቀ፤ መልስ አልሰጠም። እዚያ ልጅ ያላችሁ አንባብያን ይህን ሳቅ ታውቁታላችሁ።

ልጁ የመንገዱንም ታሪክ አጥንቶ ነበር። አይዘንሃወር ገና ወጣት መኮንን ሳሉ፣ እ.ኤ.አ. በ1919፣ ከዋሽንግተን እስከ ሳን ፍራንሲስኮ በተጓዘ የጦር መኪኖች ሰልፍ ውስጥ ነበሩ። መንገዱ ጭቃና አቧራ ስለነበር ጉዞው ስልሳ ሁለት ቀን ፈጀ። ኋላ ፕሬዚዳንት ሲሆኑ፣ በ1956፣ ስልሳ ስድስት ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ፈጣን አውራ ጎዳና እንዲሠራ የሚያዘውን ሕግ ፈረሙ። ከወጪው ዘጠና በመቶውን የፌዴራሉ መንግሥት ቻለ። ዛሬ ልጆቻችን በስልክ «አሁን ሃይዌይ ላይ ነኝ፣ በኋላ ልደውል» የሚሉን በዚያ መንገድ ላይ ሆነው ነው።

ሴይንት ፖል ሲደርስ ፊልሙ ዝም አለ። ሮንዶ የሚባል የጥቁሮች ሰፈር ነበር አሉ፤ ቤተ ክርስቲያን፣ ሱቅ፣ ፀጉር ቤት ያለው፣ ሰው ተዋውቆ የሚኖርበት። አውራ ጎዳናው በመሃሉ አለፈና በመቶዎች የሚቆጠሩ ቤቶች ፈረሱ። አንዲት ባልቴት ከመንገዱ በላይ ባለው ድልድይ ላይ ቆመዋል። ከታች መኪና እንደ ጎርፍ ይወርዳል። ባልቴቷ እጃቸውን ዘርግተው አየሩ ላይ ጠቆሙ። «ያ የእናቴ ማድ ቤት ነው» አሉ። የሚታይ ነገር የለም፤ ባዶ አየር ነው። ካሜራው ግን ጣታቸው ላይ ብዙ ቆየ። እኔም ሻማው ሊያልቅ መሆኑን ረሳሁ።

ዋሽንግተንም እንዲህ ያለ ዕቅድ ተይዞላት ነበር። ነዋሪው፣ በተለይ ቤቱ ሊፈርስ የነበረው ጥቁሩ ነዋሪ፣ በስልሳዎቹና በሰባዎቹ ዓመታት ታግሎ አብዛኛውን አስቀረው። ከገንዘቡም ብዙው በ1976 ሥራ ለጀመረው የከተማ ባቡር ዋለ። ልጄ በየቀኑ ሥራ የምትሄድበት ባቡር ነው። ሃያ ዓመት ስትሳፈርበት ይህን የነገራት ሰው አልነበረም፤ ከልጇ ነው የሰማችው።

«እንዲህ ማየትን ማን አስተማረህ?» አልኩት። ኃይሌ ገሪማን ነገረኝ።

ኃይሌን በስም የማያውቅ ከኛ ዘመን ሰው ጥቂት ነው። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» እና «ጤዛ» የሱ ናቸው። አሜሪካን የቀረጸበትን ሥራውን ግን እኔ ራሴ የሰማሁት ከዚህ ልጅ ነው። ዋሽንግተን ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ ኃይሌና ባለቤቱ ሺሪኪያና አይና የከፈቱት «ሳንኮፋ» የሚባል የመጻሕፍትና የፊልም መደብር አለ። ቡናም ይሸጣል። የልጅ ልጄ መጀመሪያ የገባው ለቡናው ነበር።

ኃይሌ በ1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉት፣ ተውኔትም እየደረሱ ያሳዩ የነበሩት ናቸው። አያቱ ደግሞ እሳት ዳር ተረት ይነግሩታል። ታሪክ መንገርን የተማርኩት ከዚያ እሳት ነው ይላል፤ ይህንን ደጋግሞ ተናግሯል። ከቤት ውጭ ግን ሲኒማ ቤት ነበር። ታርዛን በሚታይበት ጊዜ አፍሪካውያኑ ከኋላው ሲመጡበት፣ የጎንደር ልጆች «ተጠንቀቅ!» እያሉ ለታርዛን ይጮሁ እንደነበር ሲያወራ ያስቃልም ያሳዝናልም። እኛም እኮ እዚህ አዲስ አበባ ለካውቦዩ ነበር የምናጨበጭበው።

እ.ኤ.አ. በ1967 ቺካጎ ሄደ፤ ቴአትር ሊማር። ከዚያ ሎስ አንጀለስ፣ ፊልም። ቺካጎ ሳለ በክረምት፣ በዚያ ብርድ፣ አንዲት ጥቁር ሴት ከቤቷ ስትባረር አየ። ብዙ ሰው ያየዋል፣ ከንፈሩን ይመጣል፣ ያልፋል። እሱ ግን ያችን ሴት ይዟት ሎስ አንጀለስ ድረስ ሄደና «ቡሽ ማማ» የተባለው ፊልም ተወለደ። ፊልሙ ልብ ወለድ ነው፤ መክፈቻው ግን እውነት ነው። ኃይሌና ባልደረቦቹ መንገድ ላይ ሲቀርጹ ፖሊስ አስቁሞ ፈተሻቸው። ጥቁር ሆኖ ካሜራ መያዝ ያስጠረጥር ነበር። ፍተሻው ከሩቅ ተቀርጾ ነበርና ያንኑ የፊልሙ መጀመሪያ አደረገው።

በ1979 ደግሞ ስለ ዊልሚንግተን አሥሩ ሰዎች ዘጋቢ ፊልም ሠራ። ሰሜን ካሮላይና ውስጥ ዊልሚንግተን በምትባል ከተማ፣ በ1971፣ በትምህርት ቤቶች ጉዳይ በተነሳ ግጭት አንድ ሱቅ ተቃጠለ። ዘጠኝ ጥቁር ወንዶችና አንዲት ነጭ ሴት ተከሰው በድምሩ ሁለት መቶ ሰማንያ ሁለት ዓመት ተፈረደባቸው። ፊልሙ ሲወጣ ጉዳዩ ገና አላለቀም ነበር። ፍርዱ በ1980 ተሻረ፣ የክፍለ ግዛቷ ገዥ ሙሉ ይቅርታ የሰጡት ግን በ2012 መጨረሻ ነው። አርባ ዓመት! ሺሪኪያናም በበኩሏ በ1982 «ብሪክ ባይ ብሪክ» የሚል አጭር ዘጋቢ ፊልም ሠርታለች። ዋሽንግተን ውስጥ ቤቱ እየተወደደበት ከሰፈሩ ስለሚገፋው ጥቁር ነዋሪ፣ ተባብረውም የተከራዩትን ቤት ስለገዙ ሰዎች ነው።

የልጅ ልጄ ይህን ሁሉ ከነገረኝ በኋላ የሚሠራበትን መንገድ አወጋኝ። መጀመሪያ መንገዱን ይቀርጻል። ቀጥሎ ዳር ላይ ያለውን ሰው ይፈልግና አንድ ጥያቄ ይጠይቀዋል፦ መንገዱ ሳይመጣ እዚህ ማን ነበር? ሴይንት ፖልም የጠየቀው ይህንኑ ነው። አሁን እንጦጦ ላይ ሊጠይቅ ይፈልጋል።

ነገሩ ዝም ብሎ አልነበረም። ለካ የኛም አውራ ጎዳና ከአሜሪካ ጋር ዝምድና አለው። የዓለም ባንክ ለአፍሪካ አገር የሰጠው የመጀመሪያ ብድር እ.ኤ.አ. በ1950 ለኢትዮጵያ የተሰጠው ነው፤ ትልቁ ድርሻ፣ አምስት ሚሊዮን ዶላር፣ ለመንገድ ነበር። በዓመቱ የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት አውራ ጎዳና ባለሥልጣን ሲቋቋም ሥራውን የመሩት የአሜሪካ የመንገድ ቢሮ መሐንዲሶች ናቸው። ልጁ በፊልሙ ሁለቱን ሊያገናኛቸው ነው። እንዲያውም ሳስበው፣ ሕክምና ቢማር ይህን ሁሉ አይጠይቀኝም ነበር።

ነሐሴ መጀመሪያ አንድ ማለዳ፣ ዝናቡ ጋብ ሲል፣ በጉራራ በኩል ወደ ላይ ወጣን። ጉሙ ባሕር ዛፉን ውጦታል። እንጦጦ ከሦስት ሺህ ሜትር በላይ ነውና ጉልበቴም ትንፋሼም ያውቁታል። ዛሬ አስፋልት አለ፣ በ2013 ዓ.ም. የተከፈተው ፓርክ አለ፣ ቅዳሜና እሑድ ወጣቱ በብስክሌት ይወጣል። በዚያው አስፋልት ዳር ደግሞ ሴቶች ጭራሮና ቅጠል ተሸክመው፣ ጎንበስ ብለው ይወርዳሉ።

ልጁ ካሜራውን አነሳ። የመጀመሪያዋ ሴት ፊቷን አዞረችና «አታንሳኝ!» አለች። እኔም ክንዱን ያዝኩት።

እዚህ ላይ ስለ አንድ ነገር ልንገራችሁ። የኤች አይ ቪ ነፃ መድኃኒት በ1997 ዓ.ም. ሳይጀመር በፊት፣ ብዙ ሕመምተኛ ከየክፍለ አገሩ ወደ እንጦጦ ጠበል ይመጣ ነበር። አንዲት የምከታተላት ልጅ ነበረች፤ ከጠበሉ ወረድ ብሎ አንዲት ክፍል ተከራይታ የምትኖር። ካሜራ የያዙ ሰዎች መጡና ሳይጠይቋት ቀረጿት። ከየት እንደመጡ አልናገርም፣ ስማቸውም አይጠቅምም። ፊቷ በቴሌቪዥን ታየ። አከራይዋ በማግስቱ ዕቃዋን ውጭ አወጣ። ሁለት ቀን ጤና ጣቢያው በረንዳ ላይ አደረች። መርፌ ከመውጋቴ በፊት «ልውጋሽ?» እላለሁ፤ የሰው ፊት ከክንዱ ያንሳል እንዴ?

ለልጁ ይህን ነገርኩት። ካሜራውን አጠፋውና ድንጋይ ላይ አስቀመጠው። ሁለተኛዋ፣ በዕድሜ የገፉት ሴትዮ፣ ሲደርሱ ቆመው ሰላም አሉን። እኔ አስረዳኋቸው። ትንሽ አሰቡና «ፊቴን ተወው፣ ጀርባዬን አንሳ። ጀርባዬን የሚያውቀኝ የለም» አሉት። ከኋላ እየተከተለ ሸክሙንና ኮንጎ ጫማቸውን ቀረጸ። ሲጨርስ እጃቸውን ሳመ። እናቱ ይህን አላስተማረችውም ብዬ ነበር፤ ተሳስቻለሁ።

ሥራ ላይ ሳለሁ አንድ ቀን አንዲት ነፍሰ ጡር ከነሸክሟ ጤና ጣቢያ ገባች። ደም አይታ ነው። ሸክሙን በእህል ሚዛን መዘንነው፤ ሠላሳ ስድስት ኪሎ። እሷን መዘንኳት፤ አርባ አራት። የማህፀን መውረድ፣ የወገብ ሕመም፣ ያለ ጊዜው የሚመጣ ምጥ ይዘው የሚመጡትን እንጨት ተሸካሚዎች ካርድ በካርድ አውቃቸው ነበር። አንዳንዶቹ ኋላ ተደራጅተው እዚሁ ተራራ ሥር ሽመና ጀምረዋል፤ የሚያምር ነጠላ ይሠራሉ። ሸክሙ ግን አላቆመም።

ከዚያ አንድ መታጠፊያ ደረስንና ቆምኩ። ልጁ ደክሞኝ መሰለው። ካሜራውን አቁሞ፣ ዓይኑን ከመስታወቱ አንስቶ፣ «እማማ፣ መንገዱ ሳይመጣ እዚህ ማን ነበር?» አለኝ።

እጄን ዘርግቼ አየሩ ላይ ጠቆምኩ። አስፋልቱ አሁን ባለፈበት ቦታ፣ እስከ ወገብ የሚደርስ ጠፍጣፋ ድንጋይ ነበር። ሸክም ሳይፈታ አስደግፎ ለማረፍ የሚመች። «እዚያ ላይ» አልኩት፣ «እናቴ ታርፍ ነበር።»

ይህን ቃል ከአፌ አውጥቼ አላውቅም። ቅጽ ስሞላ፣ ሰው ሲጠይቀኝ፣ ለገዛ ልጄም ጭምር «እናቴ ነጋዴ ነበረች» ነው የምለው። እንጨት መሸጥም ንግድ ነው እያልኩ ራሴን አጽናናለሁ።

እናቴ ባሏ ሞቶባት ሦስት ልጆች ይዛ የቀረች ሴት ነበረች። ሌሊት አሥር ሰዓት ወጥታ፣ ጭራሮ ለቅማ፣ አስራ፣ ሾላ ገበያ ድረስ ትወርዳለች። እኔ እስከ ስድስተኛ ክፍል ቅዳሜ ቅዳሜ አብሬያት ትንሽ ሸክም እይዝ ነበር። ጥበቃዎች ሲያገኙን ከእንጨቱ ይልቅ የምንፈራው ለገመዱ ነው። እንጨት ተራራው ላይ አለ፤ ገመድ የተወሰደባት ሴት ግን ለነገ የላትም። እናቴ ጥበቃ ስታይ ሸክሙን ጥላ ገመዱን ከጉያዋ ትከታለች። የነርስነት ትምህርት ቤት የገባሁ ቀን አዲስ ጫማ ገዛችልኝ። የስንት ሸክም ዋጋ እንደሆነ አልጠየቅኳትም። እንዳልጠየቅኳት የገባኝ ያን ቀን፣ ካሜራው ፊት ነው።

ልጁ አላቋረጠኝም። የሴይንት ፖልን ባልቴት ሲቀርጽ እንዳደረገው ዝም ብሎ ቆየ። ጎበዝ ልጅ ነው። ቤታችሁ ውስጥ ስልክ የያዘ ልጅ የሌለበት አያት ያለ አይመስለኝም። እኔ ከልምዴ የምለው፣ ልጁ ጥያቄውን ይጠይቅ፣ ከዚያ ዝም ይበል፤ አያትም ዝናብና ቴሌቪዥን በሌለበት ሰዓት ብትቀመጥ ድምፁ ይጠራል። መጀመሪያ ላይ የሚወጣው የተለመደው ወሬ ነው። እውነተኛው የሚመጣው ቡናው ሁለተኛው ላይ ሲደርስ ነው።

ማታ ልጄ ደወለች። ልጇ ነግሯት ነበር። መጀመሪያ የተናገረችው ለሱ ነው፦ «ያንን ከፊልሙ አውጣው። ፈረንጅ እያየ ምስኪን ይበለን?» እሱም «የእማማ ነው፣ እሷ ትወስን» አላት። ስልኩን ሰጠኝ። እኔም «ይቆይ» አልኩ። ረጅም ዝምታ ሆነ። ከዚያ በለሆሳስ፣ «እማዬ፣ ስንት ዓመት ነው ነጋዴ ነበረች ያልሽኝ? እኔ እዚህ መጥቼ ሽንት ቤት ስጠርግ ለአንቺ ሆቴል ነው የምሠራው ያልኩሽ እኮ እንዳታፍሪብኝ ብዬ ነው» አለችኝ። ሁለታችንም ስንዋሻሽ ኖረናል። እንዲህ ስትል ልቆጣት ነው፣ ላልቅስ ነው፣ አላወቅኩም። «ደህና እደሪ» ብላ ዘጋችው።

ልጁ ነሐሴ መጨረሻ ተመለሰ። ለሳምንታት ልጄ ስትደውል ስለ መድኃኒቴና ስለ ደም ግፊቴ ብቻ ትጠይቃለች። እኔም ቁጥሩን ነግሬያት እንዘጋለን። ለነርስ ይህ ምን ዓይነት ቅጣት እንደሆነ አትጠይቁኝ።

ጥቅምት ላይ ፊልሙ በስልኬ መጣ። ሃያ ሁለት ደቂቃ ነው። ሾፌሩ፣ ድልድዩ፣ የባልቴቷ ጣት፣ ከዚያ በቀጥታ የኔ ጣት። ከሴይንት ፖል እንጦጦ ምንም ሳይል ነው የተሻገረው። ሴትዮዋ ፊታቸው ሳይታይ በጉሙ ውስጥ ይወርዳሉ። የኔ ክፍል አራት ደቂቃ ትሆናለች። ነጠላዬ መጣመሙን ሊነግረኝ ይገባ ነበር።

በዚያው ሳምንት ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ስልኬ ጮኸ። ክፉ ወሬ መስሎኝ ብርግግ ብዬ ተነሳሁ። ልጄ ናት፤ ሰዓቱን ረስታዋለች።

«እማዬ፣ ስንት ኪሎ ይሆን ነበር?»

«ምኑ?»

«የአያቴ ሸክም።»

እንዳልመዘንኩት ነገርኳት። እኔን ትበልጥ እንደነበር ግን አስታውሳለሁ አልኳት፤ ከሷ ኋላ ስሄድ የሚታየኝ እንጨቱና እግሮቿ ብቻ ነበሩ። ጫማዋ ምን ዓይነት እንደነበር ጠየቀችኝ። ድንጋዩ የቱ ጋ እንደነበር፣ ሾላ ላይ ማን ይገዛት እንደነበር፣ ትዘፍን እንደሆነ። ነጋ።

ገመዱ አለ። ሳጥኔ ውስጥ፣ ከዲፕሎማዬ ሥር፣ በጨርቅ ተጠቅልሎ ነው የተቀመጠው። ልጁ በፖስታ ላኪልኝ አለኝ፣ ለትምህርት ቤቱ ሊያሳየው። አልልክም አልኩት። ለገና እናቱን ይዟት ይምጣና ከሳጥኑ ራሷ ታውጣው።